የኤልፋዝ ነገር

ታላቅ ወንድሜ የሞተው በ1951 ዓ.ም. ኅዳር ወር ነው። እሱ 19 ዓመቱ፣ እኔ 11 ዓመቴ ነበር። ጤፍ ሊሸምት ደምቢያ ወርዶ ንዳድ ይዞት ተመለሰ፤ በስድስተኛው ቀን ዐረፈ። በዚያ ዓመት ለቅሶ ያልገባበት ቤት ማግኘት ያስቸግር ነበር። ወባ ወትሮ ወደማትደርስበት ደጋ ወጥታ በአገሪቱ 3 ሚሊዮን ያህል ሰው እንደያዘች፣ ወደ 150,000 የሚገመት ሰው እንደገደለች ያነበብሁት ካደግሁ በኋላ ነው። ያን ጊዜ የምናውቀው መቃብር ቆፋሪ መጥፋቱን ብቻ ነበር።

አባቴ የብሉይ መምህር ነበሩ። ጎንደር ከተማ የታች ቤቱን ትርጓሜ ተምረው፣ ከከተማው የአንድ ቀን መንገድ በሚርቅ ደብር ወንበር ዘርግተው ያስተምሩ ነበር። ተማሪዎቻቸው ብቻ ሳይሆኑ እናቴም «የኔታ» ነበር የምትላቸው። ወንድሜ በተቀበረ በሦስተኛው ቀን፣ በሰልስቱ፣ አገር የሚያከብራቸው አንድ ሽማግሌ መጥተው ከእናቴ አጠገብ ተቀመጡ። ክፉ ሰው አልነበሩም፤ እሳቸውም በዚያው በሽታ የልጅ ልጅ ቀብረዋል። «እመት፣ እግዚአብሔር ያለ ምክንያት አይቀጣም። በቤታችሁ የተሰወረ በደል እንዳለ መርምሩ፤ ንስሐ ግቡ» አሏት። እናቴ አንገቷን ደፋች። አባቴ ሦስት ቀን ሙሉ ቃል ሳይወጣቸው መደብ ላይ ተቀምጠው ነበር። ቀና አሉና፣ «ወንድሜ፣ የኤልፋዝን ነገር አታምጡብን» አሉ። ድምፃቸው አልከረረም። ሽማግሌው ነገሩ ገባቸው፤ ዝም ብለው እስከ ማታ አብረውን ዋሉ።

ከዚያ ወዲያ «የኤልፋዝ ነገር» ማለት በቤታችን የራሱን ትርጉም ያዘ። የጎረቤት በሬ ገደል ገብቶ «ምን አድርጎ ይሆን?» የሚል ሲመጣ፣ ልጅ ያልወለደች ሴት ስትታማ፣ እናቴ «ይኸ የኤልፋዝ ነገር ነው» ትላለች። እኔ ኤልፋዝ ማን እንደሆነ በደንብ የተረዳሁት ቆይቼ ነው። ዕድሜዬን የታሪክ አስተማሪ ሆኜ ስኖር ደግሞ ያ የአባቴ አንድ ዐረፍተ ነገር ከኋላው ስንት መቶ ዓመት የሚሆን ክርክር እንዳለበት አየሁ። የምጽፈው ስለዚያ ክርክር ነው።

ብሉይን የሰማሁት ከምድጃ ዳር ነው። ሴት ልጅ ከጉባኤ አትውልም ነበርና፣ ጉባኤው ከሚደረግበት ወይራ ሥር ጥቂት ራቅ ብላ ከምትገኘው ማድ ቤታችን ሆኜ ቆሎ እየቆላሁ አዳምጥ ነበር። አንዱ ተማሪ ግእዙን ሐረግ በሐረግ ያነባል። አባቴ በአማርኛ ይፈቱታል። ቀጥለው «አንድም» ይሉና ሌላ ፍች ይሰጣሉ፤ ደግሞ «አንድም» ይሉና ሦስተኛ ያክላሉ። ከሌላ መጽሐፍ ማስረጃ ሲያመጡ «እንዲል» ብለው ያሳርጉታል። ደበሎ የለበሰው ተማሪ ያን ሁሉ በቃሉ መያዝ አለበት፤ ማታ ከጓደኛው ጋር ሲከልስ አንዲት «አንድም» ብትዘለው ነገ ይዋረዳል። የኋለኛው ፍች የፊተኛውን አይሽረውም። ሁሉም ጎን ለጎን ይቀመጣሉ።

መጽሐፈ ኢዮብ ሲደርስ አባቴ ከኢዮብ ሦስት ወዳጆች ስለ አንዱ፣ ስለ ኤልፋዝ የተናገሩት ዛሬም በጆሮዬ አለ። «ኤልፋዝ የተናገረው ሐሰት አይደለም፤ ከሕግ መጽሐፍ የመጣ ነው። ጥፋቱ አንድም የሌለው መሆኑ ነው» ይሉ ነበር።

እውነትም ኤልፋዝ የያዘው ፍች የመጽሐፍ ቅዱስ የመጀመሪያው ፍች ነው። በኦሪት ዘዳግም ሕጉን የጠበቀ ሕዝብ ዝናምና እህል ያገኛል፤ ሕጉን የጣለ በድርቅ፣ በቸነፈርና በጠላት ይመታል። ይህ ትምህርት በተራ ሕይወት ጥቅም አለው። የዳኛን እጅ ከጉቦ፣ የሀብታምን ሚዛን ከማጭበርበር ለመመለስ ሥራ ሠርቷል። መጽሐፈ ነገሥትን ያዘጋጁት ሰዎችም በዚሁ ሚዛን ንጉሥን ሁሉ መዝነዋል፤ እያንዳንዱን «በጎ አደረገ» ወይም «ክፉ አደረገ» እያሉ አልፈዋል።

ግን ሚዛኑ የማይመዝናቸው ሁለት ነገሥታት መጡ። ምናሴ በኢየሩሳሌም 55 ዓመት ነገሠ። መጽሐፉ ራሱ እንደሚመሰክረው ከይሁዳ ነገሥታት ሁሉ የከፋ ሥራ ሠራ፤ ንጹሕ ደም አፈሰሰ፤ ከዚያ በአልጋው ላይ ሞቶ በአትክልቱ ስፍራ ተቀበረ። የልጅ ልጁ ኢዮስያስ ደግሞ በ8 ዓመቱ ነግሦ ቤተ መቅደሱን አደሰ፣ የሕጉን መጽሐፍ ለሕዝብ አስነበበ፣ ጣዖቱን አፈረሰ። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ609 ዓመት መጊዶ ላይ የግብፁ ፈርዖን ኒካዑ ገደለው። ገና 39 ዓመቱ ነበር። ይህን ታሪክ ለአሥራ አንደኛ ክፍል ተማሪዎች ሳስተምር ሁልጊዜ አንድ ተማሪ እጁን ያነሣና «ታዲያ ለምን?» ይላል። የኢየሩሳሌም ጸሐፊዎችም ያንኑ ጠይቀዋል። መጽሐፈ ነገሥት የምናሴ ኃጢአት በልጅ ልጆቹ ላይ እንደወረደ ይናገራል። ከዚያ በኋላ የተጻፈው መጽሐፈ ዜና መዋዕል በዚህ መልስ አልረካም፤ ምናሴ በባቢሎን ታስሮ ንስሐ እንደገባ፣ ኢዮስያስም ከእግዚአብሔር የመጣውን የኒካዑን ቃል ባለመስማቱ እንደሞተ ጨምሮ ይተርካል። ሁለት መጻሕፍት ለአንድ ሞት ሁለት ፍች ሰጡ፤ አባቶችም ሁለቱንም በአንድ ጥራዝ ጠረዙ።

ኢዮስያስ በሞተ በ23 ዓመቱ ናቡከደነፆር ኢየሩሳሌምን አቃጠለ። ባቢሎን የወረዱት ስደተኞች በአፋቸው የሚመላለስ አንድ ምሳሌ ነበራቸው፤ ጎምዛዛውን የወይን ፍሬ የበሉት አባቶች ሆነው ሳለ ጥርሱ የጠረሰው የልጆች ነው የሚል። ሕዝቅኤልና ኤርምያስ ይህን ምሳሌ አትድገሙት ብለው ከለከሉ፤ እያንዳንዱ በራሱ ኃጢአት ይጠየቃል አሉ። ለልጆቹ የሚያሳርፍ ቃል ነው። ነገር ግን አዲስ ቁስል ከፈተ፤ እያንዳንዱ የሚቀጣው በራሱ ኃጢአት ብቻ ከሆነ፣ የሚሠቃይ ሁሉ ኃጢአተኛ ነው ማለት ነው። የኤልፋዝ ነገር የተወለደው እዚህ ላይ ይመስለኛል።

መጽሐፈ ኢዮብን ብዙ ሊቃውንት ከምርኮው ዘመን ወዲህ ባሉት ዓመታት ያስቀምጡታል። 7,000 በግ፣ 3,000 ግመል፣ 500 ጥማድ በሬ፣ 500 አህያ የነበረው ሰው በአንድ ቀን ባዶ ቀረ። 7 ወንዶችና 3 ሴቶች ልጆቹ ቤት ተንዶባቸው ሞቱ። ሦስቱ ወዳጆቹ ሲመጡ ሰባት ቀንና ሰባት ሌሊት አብረውት መሬት ላይ ተቀመጡ፤ ሥቃዩ እጅግ መሆኑን አይተው አንድም ቃል አልተናገሩትም። አባቴ እዚህ ላይ ሲደርሱ ድምፃቸውን ዝቅ ያደርጉ ነበር። ወዳጆቹ ለኢዮብ ያደረጉት በጎ ነገር ያ ሰባት ቀን ብቻ ነው። አፋቸውን ሲከፍቱ ኤልፋዝ ቀድሞ፣ ንጹሕ ሆኖ የጠፋ ሰው አይተህ ታውቃለህ ወይ ብሎ ጠየቀው። በልዳዶስ ልጆችህ በድለው ይሆናል አለው፤ ልጆቹን ለቀበረ አባት! ሶፋር ደግሞ የደረሰብህ ከሚገባህ ያነሰ ነው አለ።

ግእዙ የተቀዳው ከግሪኩ ነው፤ የአክሱም ዘመን ተርጓሚዎች ብሉይን ከግሪክ መልሰውታልና። የግሪኩ ኢዮብ ከዕብራይስጡ የሚለይባቸው ሁለት ቦታዎች ሁልጊዜ ያስደንቁኛል። በዕብራይስጡ ወዳጆቹ ተራ ሰዎች ናቸው፤ በግሪኩ ነገሥታትና መኳንንት ሆነዋል። የኤልፋዝ ነገር ከዙፋን ሲነገር ምን ያህል እንደሚከብድ ያ ተርጓሚ የሚያውቅ ይመስለኛል። ሁለተኛው የሚስቱ ነገር ነው። በዕብራይስጡ የኢዮብ ሚስት የተሰጣት ቃል ጥቂት ነው፤ ሰውም በዚያች ጥቂት ቃል ሲኮንናት ኖሯል። በግሪኩ ግን ረዘም ያለ ንግግር ተሰጥቷታል። በከንቱ ስላማጠችው ምጥ፣ ከቤት ቤት በቅጥር ሥራ ስለመንከራተቷ፣ ከድካሟ ለማረፍ ፀሐይ የምትገባበትን ሰዓት ስለመጠበቋ ትናገራለች። አሥሩም የሞቱት የእሷም ልጆች እንደነበሩ ያስታወሰ አንድ ሰው ነበረ።

መጨረሻው ይታወቃል። እግዚአብሔር በዐውሎ ነፋስ ውስጥ ሆኖ ለኢዮብ ጥያቄ ጥያቄ መለሰለት፤ ምድር ስትመሠረት የት ነበርህ አለው። ኢዮብ አፉን በእጁ ያዘ። ከዚያ የሚመጣው ፍርድ ግን ብዙ ጊዜ ሲታለፍ አያለሁ። እግዚአብሔር ወደ ኤልፋዝ ዞሮ እንደ ባሪያዬ እንደ ኢዮብ ቅን ነገር ስለ እኔ አልተናገራችሁም ብሎ ተቆጣው። እግዚአብሔርን ሲሟገት የነበረው ኢዮብ ነው፤ ለእግዚአብሔር ጥብቅና የቆመው ኤልፋዝ ነው። የተፈረደበት ጠበቃው ሆነ። ኤልፋዝም ሰባት ወይፈንና ሰባት አውራ በግ አቅርቦ፣ የኮነነው ሰው ካልጸለየለት እንደማይማር ተነገረው።

አገራችን ኢዮብን በውኃ ታስበዋለች። ስንክሳሩ መስከረም 1 ቀን ጻድቁ ኢዮብ በውኃ ታጥቦ ከደዌው ሁሉ መዳኑን ያነሣል። እናቴ በየዓመቱ የቅዱስ ዮሐንስ ዕለት ገና ጎሕ ሳይቀድ ወንዝ ታወርደን ነበር፤ «እንደ ኢዮብ አንጻን» እያለች ውኃውን በራሳችን ላይ ታፈስሳለች። ወንድሜ ከሞተ በኋላም አልተወችውም።

በኢዮብ መጽሐፍ መግቢያ ላይ ከእግዚአብሔር ልጆች ጋር የሚመጣው ሰይጣን በዕብራይስጡ ገና የተጸውዖ ስም አልሆነም፤ «ከሳሹ» እንደማለት የሹመት ስም ነው፤ ሳይፈቀድለት የሚሠራው የለም። የጥንቱ እምነት ብርሃንም ጨለማም፣ ሰላምም መከራም ከአንዱ አምላክ ነው የሚል ነበር። ይህ ሐሳብ ሲለወጥ በዓይን የሚታይበት ቦታ አለ። ዳዊት ሕዝቡን በቈጠረ ጊዜ፣ በመጽሐፈ ሳሙኤል ያነሣሣው የእግዚአብሔር ቁጣ ነው። መጽሐፈ ዜና መዋዕል ያንኑ ታሪክ ሲደግም ያነሣሣው ሰይጣን ነው ይላል። በሁለቱ መካከል የምርኮው ዘመንና ብዙ እንባ አለ።

የሄኖክ መጽሐፍ ከዚያም አልፎ ሄደ። ክፋት በምድር ላይ የበዛው በሰው ኃጢአት ብቻ አይደለም፤ 200 ትጉሃን መላእክት በአርሞን ተራራ ወርደው ከሰው ሴቶች ልጆች ወለዱ፤ አዛዝኤል ሰይፍና ጋሻ መሥራትን አስተማረ፤ የወለዷቸውም ረዐይት የሰውን ጉልበት በሉ፤ ምድር ጮኸች። መጽሐፈ ኩፋሌ ደግሞ የርኩሳን መናፍስት አለቃ መስቴማ ከመናፍስቱ ከፍሎ ዐሥረኛውን እንዳስቀረ፣ አብርሃም በልጁ እንዲፈተን ያሳሰበውም እሱ እንደሆነ ይናገራል። እነዚህ መጻሕፍት በተደረሱበት ዘመን የአሌክሳንደር ወራሾች በሰይፍ ይፈራረቁ ነበር። እ.ኤ.አ. ከክርስቶስ ልደት በፊት በ167 ዓመት አንጥያኮስ ኤጲፋንዮስ ሕጉን የጠበቁትን ስለ መጠበቃቸው ገደለ። ያን ጊዜ የኤልፋዝ ሚዛን ተሰበረ፤ ሰው የሚሞተው በመጽደቁ ሆነ። የሙታን ትንሣኤ በዳንኤል መጽሐፍ ጎልቶ የተነገረው በዚህ መከራ ላይ ነው።

ይህ ሁሉ ለምን የእኛ ጉዳይ ይሆናል የሚል ቢኖር፣ ሄኖክና ኩፋሌ ሙሉ ሆነው የተረፉት በግእዝ ብቻ ነው። የቀረው ዓለም ጥሏቸው ነበር። ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ እ.ኤ.አ. በ1773 ከኢትዮጵያ ሦስት የሄኖክ ቅጂ ይዞ አውሮፓ ሲደርስ ሊቃውንቱ ስሙን እንጂ መጽሐፉን አያውቁትም ነበር፤ ሪቻርድ ሎረንስ ወደ እንግሊዝኛ መልሶ ያሳተመው እ.ኤ.አ. በ1821 ነው። እ.ኤ.አ. በ1947 በሙት ባሕር አጠገብ በቁምራን ዋሻዎች የጥንት ጥቅልሎች መገኘት ሲጀምሩ የሄኖክ የአረማይስጥ ቁርጥራጭና የኩፋሌ የዕብራይስጥ ቁርጥራጭ ወጣ፤ የግእዙም ጥንታዊነት ተመሰከረ። ከቆዩት የሄኖክ ብራናዎች አንዱ በጣና ክብራን ገብርኤል የተጠበቀ የ15ኛው መቶ ዓመት ቅጂ ነው። ደሴቱ ሴት አይገባበትም፤ እኔ ከጀልባ ላይ ሆኜ ዛፎቹን አይቼ ተመልሻለሁ። ቅር አላለኝም። መጽሐፉን ስለጠበቁልን ከጀልባው ሆኜ እጅ ነሣሁ።

ከሁሉ አብልጬ የምወደው ግን ዕዝራ ሱቱኤልን ነው። ሰው አያነበውም፤ ያሳዝነኛል።

እ.ኤ.አ. በ70 ዓ.ም. የሮሙ ጥጦስ ኢየሩሳሌምን ከብቦ በረሃብ አድክሞ ቤተ መቅደሱን አቃጠለ። የዘረፈው ባለ ሰባት ቅርንጫፍ መቅረዝ በሮም በስሙ ከቆመው ቅስት ላይ ተቀርጾ ዛሬም ይታያል። የእኛ ሊቃውንት ይህን ጥፋት ከዮሴፍ ወልደ ኮርዮን መጽሐፍ ያውቁታል። ከሠላሳ ዓመት ገደማ በኋላ አንድ አይሁዳዊ ጸሐፊ፣ ስሙን ሳይገልጥ፣ ይህን መጽሐፍ በዕዝራ ስም ጻፈ። ባቢሎን ያለ አስመስሎ ሮምን ይናገራል፤ በራእዩ የሚያያት ንስር ሦስት ራሶች ቬስፓሲያን፣ ጥጦስና ዶሚትያን ናቸው ይላሉ ሊቃውንት። ዕብራይስጡ ጠፋ፤ ግሪኩም ጠፋ። በላቲን፣ በሱርስት፣ በዐረብኛ፣ በአርመንና በመሳሰሉት ቋንቋዎች፣ በእኛም በግእዝ ተረፈ።

ዕዝራ በአልጋው ላይ ተኝቶ ልቡ ታወከ። የጠየቀው ጥያቄ የእናቴ ጥያቄ ነው። እኛ በድለናል፤ እሺ፤ ባቢሎን ከእኛ ትሻላለችን? የአዳም ልብ ውስጥ ከመጀመሪያ የተዘራችውን የክፋት ፍሬ ለምን አልነቀልህልንም? ሕጉን ሰጠኸን፤ ሕጉን እንዳንጠብቅ የሚያደርገንን ክፉ ልብ ግን ከእኛ አላነሣህም። መልአኩ ዑራኤል መጣና የእሳትን ክብደት መዝንልኝ፣ የነፋስን መስፈሪያ ስፈርልኝ፣ ያለፈችውን ቀን ጥራልኝ አለው። ዕዝራ አልችልም አለ። ይህን ካልቻልህ የልዑልን መንገድ እንዴት ትመረምራለህ አለው። ኢዮብ እዚህ ጋ አፉን ይዞ ነበር። ዕዝራ አልያዘም! ባንፈጠር ይሻለን ነበር ብሎ በግንባሩ ወደቀ፤ ተነሥቶም ጠየቀ። እኔ የምጠይቀው ስለ ሰማይ መንገድ አይደለም፤ በየቀኑ በላያችን ስለሚያልፈው ነገር ነው አለው። መልአኩ በምሳሌ መለሰ፤ ዕዝራ ደግሞ ጠየቀ። ጾመ፣ አለቀሰ፣ የሜዳ አበባ በላ፣ ጠየቀ። በመጨረሻ የእሳት መልክ ያለው ውኃ የሞላበት ጽዋ ጠጥቶ በ40 ቀን 94 መጻሕፍት ለአምስት ጸሐፊዎች አጻፈ። አገራችን ይህን ጽዋ ያጠጣው ዑራኤል ነው ትላለች፤ የጥበብ መልአክ እያለች የምታከብረው ስለዚህ ነው። ልብ በሉ፤ ጽዋው የተሰጠው ዝም ላለው ሰው አይደለም፤ ሲጠይቅ ለኖረው ነው።

በምዕራቡ ዓለም የዚህ መጽሐፍ አንድ ክፍል ለብዙ መቶ ዓመታት አልነበረም። እ.ኤ.አ. በ822 ከተጻፈ አንድ የላቲን ቅጂ አንድ ቅጠል ተቆርጦ ወጣ፤ ከዚያ ቅጂ የተገለበጡት ሁሉ ሰባ ያህል ቁጥር ጎድሎባቸው ኖሩ። የተቆረጠው ስለ ነፍስ ከሞት በኋላ ያለ ሁኔታ፣ በፍርድ ቀንም አንዱ ለሌላው ሊማልድ እንደማይችል የሚናገረው ነው። ለሙታን የሚጸለየውን ጸሎት ይቃወማል ብሎ የፈራ ሰው ቆርጦት ይሆናል ብለው ሊቃውንት ይገምታሉ። እንግሊዛዊው ሮበርት ቤንስሊ እ.ኤ.አ. በ1874 በፈረንሳይ ከተማ በአሚያን ሙሉ የላቲን ቅጂ እስኪያገኝ ድረስ ቦታው ባዶ ነበር። በግእዙ ግን ያ ክፍል ከነበረበት አልተነቃነቀም። የእኛ ቤተ ክርስቲያን ፍትሐት የምትፈታ፣ በአርባ ቀን ተዝካር የምታወጣ ናት፤ ሆኖም ደብተራው ቢላዋ አላነሣም። አስቸጋሪውን ገጽ ገለበጠው፣ መምህሩ «አንድም» ብሎ ተረጐመው፣ ለተማሪው አስረከበው። ከዚህ የበለጠ የምኮራበት ቅርስ የለኝም።

በ1965 ዓ.ም. ደሴ አስተማሪ ነበርሁ። የወሎ ገበሬ ከብቱን ጨርሶ፣ የቤቱን ክዳን ሳይቀር ሸጦ በአስመራ መንገድ ዳር ሲወድቅ በዓይኔ አይቻለሁ። ጠዋት ወደ ትምህርት ቤት ስሄድ የተኙትን እያለፍሁ ነበር የምሄደው፤ ማታ ስመለስ አንዳንዶቹ ተሸፍነው ነበር። ባለሥልጣኖቹ ረሃብ የለም ይሉ ነበር። ጆናታን ዲምብልቢ የቀረጸው ፊልም በጥቅምት 1966 ዓ.ም. በእንግሊዝ ቴሌቪዥን እስኪታይ ድረስ ዓለም የሰማው ጥቂት ነው። በመምህራን ክፍል ውስጥ አንድ የሥራ ባልደረባዬ ሻይ እየጠጣ፣ «ሕዝቡ ኃጢአቱ በዝቶ ነው፤ እግዚአብሔር ካልተቆጣ እንዲህ አይሆንም» አለ። ደሜ ፈላ። ያን ቀን የኤልፋዝ ነገር ሐዘንተኛን ከማቁሰል ያለፈ ጉዳት እንዳለው ገባኝ። ረሃቡ የተራበው ሰው ኃጢአት ከሆነ፣ እህል በመጋዘን የቆለፈው፣ ግብር ያላቆመው፣ ወሬውን የደበቀው ሁሉ ነጻ ይወጣል። የተቆዓው እረኛ አሞጽ በስምንተኛው መቶ ዓመት ቅድመ ክርስቶስ ሰማርያ ላይ የጮኸው ስለ እንደዚህ ያለው ነገር ነበር፤ ኃጢአቱን የፈለገው ድሃን በጥንድ ጫማ ዋጋ በሚሸጡት፣ በዝሆን ጥርስ አልጋ ላይ በሚተኙት ዘንድ ነው።

ሴት አያቴ የክፉ ቀንን ወሬ ከእናቷ ሰምታ ትነግረን ነበር። በ1880 ዓ.ም. ገደማ በምፅዋ በኩል ጣልያኖች ካስገቡት ከብት ጋር የመጣ የከብት በሽታ የአገሩን በሬ ፈጀ፤ ከአሥሩ ዘጠኙ እንዳለቀ ይገመታል። በሬ ሲጠፋ እርሻ ቆመ፤ አንበጣና ተምች የቀረውን በሉ። ከሕዝቡ ሢሶው አለቀ የሚል ግምት አለ። አፄ ምኒልክ ራሳቸው ዶማ ይዘው እንደቆፈሩ ይነገራል። ያን ጊዜም «በኃጢአታችን ነው» ያሉ ብዙ ነበሩ፤ ሰው ራሱን ሲከስ ትሕትና ነው፤ አልነቅፈውም። የሞተውን ጎረቤቱን ሲከስ ግን ሌላ ነው።

ወደ ወንድሜ ልመለስ። ተዝካሩ ወጥቶ እንግዳው ሁሉ ከሄደ በኋላ፣ አንድ ማታ እናቴ «የኔታ፣ ልጇ ስለሞተባት ሴት የሚናገር መጽሐፍ የለም?» አለች። አባቴ ተነሥተው ከግድግዳው ማኅደሩን አወረዱ። በገዛ እጃቸው የገለበጡትን ዕዝራ ሱቱኤልን አወጡና ኩራዙን አስጠጉ። እኔ በእናቴ ጉልበት ላይ ራሴን አድርጌ ነበር።

ዕዝራ በሜዳ ላይ ልብሷን የቀደደች፣ በራሷ ላይ አመድ የነሰነሰች ሴት አየ። ሠላሳ ዓመት መካን ነበረች። ወንድ ልጅ ተሰጣት፤ በብዙ ድካም አሳደገችው፤ ዳረችው። በሠርጉ ዕለት ወደ ጫጉላው ሲገባ ወድቆ ሞተ። ከተማዋን ትታ ሜዳ የወጣችው እስክትሞት ድረስ ላትበላና ላትጠጣ ነው። ይህ ሁሉ ጊዜ ስለ መከራ ሲሟገት የኖረው ዕዝራ ተቆጣት። እኛ ስለ ጽዮን ሁላችንም ስናለቅስ አንቺ ስለ አንድ ልጅ ታለቅሻለሽ? ሂጂ ወደ ባልሽ ግቢ አላት። አልገባም፤ እዚሁ እሞታለሁ አለችው። እናቴ አባቴን አቋረጠቻቸው። «ዕዝራም ኤልፋዝ ሆነ?» አለች። አባቴ ቀና ብለው አዩዋትና «ሆነ» አሉ።

ቀጠሉ። ዕዝራ ገና ሲናገራት የሴቲቱ ፊት እንደ መብረቅ በራ፤ በታላቅ ድምፅ ጮኸች፤ ምድር ተናወጠች። ቀና ብሎ ሲያይ ሴቲቱ የለችም፤ ታላቅ መሠረት ያላት ከተማ ተሠርታ ቆማለች። ዕዝራ እንደ በድን ወደቀ። ዑራኤል መጥቶ በእጁ ይዞ አስነሣው፤ አትፍራ፣ ግባ፣ የሕንጻዋን ስፋት ዓይንህ የቻለውን ያህል እይ አለው።

አባቴ መጽሐፉን ሳይከድኑ ጥቂት ዝም አሉ። «ሴቲቱ ጽዮን ናት፤ ልጇ ቤተ መቅደሱ ነው፤ ሞቱም መፍረሱ» አሉ፤ ከመምህራቸው የተቀበሉት ፍች ነው። ከዚያ «አንድም» አሉ፤ ይህን ከማን እንደተቀበሉት አልሰማሁም። «ዕዝራ የአንዲት እናት ሐዘን ከከተማ ሐዘን ያንሳል ብሎ ነበር። ከተማይቱ ራሷ እናትየዋ ሆና አገኛት።»

እናቴ ማንበብ አታውቅም ነበር። ብራናው ዛሬ ከእኔ ዘንድ ነው፤ ከሌሎቹ ገጾች ሁሉ ያ ገጽ ጠርዙ ጠቁሯል፤ በጣቷ እየዳሰሰች ታገኘው ስለነበር ነው።